ዘፋኞቹን ሁሉም ያውቃል፣ የዜማውን ሰውስ? ዎንግ ዩት ሳንግ

እሺ ቤተሰብ፣ ዛሬ ሆንግ ኮንግ ነን። በፈረንጆቹ 1959 የወጣ በካንቶኒዝ፣ ማለት በሆንግ ኮንግ ሰው ቋንቋ የተሠራ የኦፔራ ፊልም አለ፣ የቻይና የሚንግ ነገሥታት በ1644 ሲወድቁ የተረፈችው ልዕልት ታሪክ ነው፣ መጨረሻው ላይ እሷና ሙሽራዋ በሰርጋቸው ሌሊት መርዝ ያለበት ወይን ይጠጣሉ፣ ከመጠጣታቸው በፊት በቅብብል የሚዘፍኑት ዘፈን እስከ ዛሬ እዛ አገር ትልቅ ትንሹ ያንጎራጉረዋል። ሙሽራው ያም ኪም ፋይ ናት፣ አዎ ሴት ናት፣ ልዕልቷ ደሞ ፓክ ሱት ሲን። ግጥሙ የቶንግ ቲክ ሳንግ። ዜማውስ?

ዜማው ድሮ በፒፓ፣ ማለት በባለ አራት ክሯ የቻይና መሣሪያ የሚመታ ነበር። ቶንግ ለዚህ ትዕይንት የሚሆን ዜማ ሲፈልግ ይሄን ውሰድ ያለው ዎንግ ዩት ሳንግ ነው፣ የ1919 ልጅ፣ መሣሪያ ተጫዋችና የዜማ ደራሲ። ምንም አልፈጠረም እኮ እንዳትሉ፣ የዚህ ሙያ ግማሹ ትክክለኛውን ዜማ ማወቅ ነው።

ለምን መሰላችሁ፣ ካንቶኒዝ ድምፅ ከፍ ዝቅ ሲል ትርጉሙ የሚቀየር ቋንቋ ነው። «ሲ» በሉ፣ ከፍ አድርጋችሁ ስትሉት ግጥም ነው፣ ዝቅ ስታደርጉት ጊዜ፣ ከታች ወደ ላይ ስታነሱት ታሪክ። ስለዚህ ዜማው ወደ ታች በሚወርድበት ቦታ ወደ ላይ የሚነሳ ቃል ከገባ ሰሚው ሌላ ነገር ነው የሚሰማው። ገጣሚው ቃል የሚመርጠው ዜማውን ተከትሎ ነው፣ ዜማው መጥፎ ከሆነ ገጣሚው አለቀለት።

አብዛኛው ኦፔራ የሚዘፈነው ከጥንት በተወረሱ የዜማ ስልቶች ነው፣ በመሃል ግን አዳዲስ አጫጭር ዜማዎች ይገባሉ፣ የዎንግ ትልቁ ሥራ እዚህ ጋ ነው። «የቀይ ሻማ እንባ» የሚባለው የራሱ ድርሰት ነው፣ ለታዋቂዋ የኦፔራ ዘፋኝ ለፎንግ ዪም ፋንም ዜማ ጽፏል። ያኔ ደሞ በሰባት ቀን ተቀርፀው የሚያልቁ ፊልሞች ነበሩ፣ ሰዉ «የሰባት ቀን ትኩስ» ይላቸው ነበር፣ በዛ ጥድፊያ ውስጥ እንዲህ ያለ ዜማ መውጣቱ ለኔ በጣም የሚገርም ነገር ነው።

ቶንግ ፊልሙ በወጣበት በ1959 ገና በ42 ዓመቱ ሞተ። የኦፔራ ፊልሙም በ60ዎቹ መጨረሻ ተዳከመ፣ በ1972 ጭራሽ አንድም የካንቶኒዝ ፊልም አልወጣም። ዎንግ ግን ሥራውን አልተወም፣ በሆንግ ኮንግ ቻይኒዝ ዩኒቨርሲቲ የኦፔራ አዘፋፈን አስተማረ፣ በ1989 አረፈ።

የሱን ዜማዎች ሌሎች ገጣሚዎች እየወሰዱ ሌላ ቃል አስገቡባቸው፣ ለሌላ ታሪክ፣ ለሌላ ዘፋኝ፣ አሁን ከጥንቶቹ ጋር እኩል ነው የሚጠኑት። ኦፔራ ጽሑፍ ላይ ደሞ ከግጥሙ በፊት የሚጻፈው የዜማው ስም ብቻ ነው፣ የደራሲው ስም አይጻፍም።