ልበሺው ብቻ

ሰላም ናችሁ? ዛሬ ስለ ቤት ኪራይ ነበር የማወራው። ተውኩት። ይሄ ነገር አልለቀቀኝም።

ሽሮ ሜዳ ሄጄ ነበር። ለራሴ አይደለም፣ ያቺ ጓደኛዬ የመልስ ቀሚስ ልታይ ነው። እኔማ ከጁስ መፍጫው ወዲህ ምንም እንደማልገዛ እዚሁ ማይክ ላይ ምያለሁ።

አንዱ ልጅ ጋቢ ይዞ መጣ። «አልገዛም» አልኩት።

«ማን ግዢ አለሽ እህቴ? ልበሺው ብቻ።»

መልበስ ምን አለው? ለበስኩት። አራት ድርብ ነው፣ ይከብዳል። በዚያ ላይ ጠዋት ከእንጦጦ የሚወርደውን ብርድ ታውቁታላችሁ። ጥለቱን ወደ ታች አደረገልኝ። ወደ ላይማ ለሀዘን ነው። መስታወት አመጣ። ከዚያ ጎረቤቱን ጠራ፣ «እያት እስቲ!» ብሎ። ሰውየው ሻዩን ይዞ ወጥቶ አየኝ። ምንም አላለም፣ አንገቱን ብቻ ነቀነቀ። ያ መነቅነቅ ነው የገደለኝ።

ፍሪድማንና ፍሬዘር የሚባሉ አሜሪካውያን እ.ኤ.አ. በ1966 ያወጡት ጥናት አለ። ግቢያችሁ ውስጥ «በጥንቃቄ አሽከርክሩ» የሚል ግዙፍ ሰሌዳ እንትከል ሲባሉ እሺ ያሉት 17 በመቶ ናቸው። አስቀድሞ ስለዚያው ነገር አንዲት ትንሽ ምልክት እንዲለጥፉ የተጠየቁት ግን 76 በመቶ እሺ አሉ። እኔ ይሄን እያወቅኩ ነው የለበስኩት እንግዲህ።

ግን አወለቅኩ። እውነቴን ነው። ተከተለኝ፣ ዋጋ ቀነሰ፣ ታክሲው ድረስ መጣ፣ እንደገና ቀነሰ። ጨክኜ እምቢ አልኩ። ከዚያ ድንገት ቆመና «በቃ ተይው እህቴ። ብቻ ብርድ እንዳይመታሽ» ብሎ ተመለሰ።

ከፋኝ። ሲለምነኝ የሰለቸኝ ሴትዮ፣ ሲተወኝ ከፋኝ! ከታክሲው ወረድኩ። ስደርስ ሌላ ሴት እያለበሰ ነው፤ «ማን ግዢ አለሽ?» ይላታል። እኔ ምን አደረግኩ? ተራዬን ጠበቅኩ። ተራዬን! ዞር ሲል ደግሞ «ምን ልርዳሽ?» አለኝ። አላወቀኝም። ወይስ አውቆ ነው?

ስንት ከፈልሽ እንዳትሉኝ።

ብርዱን ያለው ግን ከልቡ ይሆን እንዴ? ልጅ እኮ ነው፣ ሃያ ቢሆነው ነው። ለሁሉም የሚላት ከሆነ... እንጃ። ጋቢው እዚሁ ነው፣ ከነፌስታሉ። ይሄ ክፍል ደግሞ ዛሬ ይበርዳል። ግን አለብሰውም። ማለቴ፣ ለጊዜው...