ፍርሃት ሲሸጥ

ጤና ይስጥልኝ፣ እንዴት ሰነበታችሁ? ዛሬ ስለ ማስታወቂያ ነው የማወራችሁ። ግን የምጀምረው ከአንድ ሕፃን ነው።

እ.ኤ.አ. በ1920 በታተመ ጥናት ላይ ሕፃኑ አልበርት ይባላል። ሙከራው ሲጀመር ዓመት እንኳ አልሞላውም። ጆን ዋትሰን የተባለ አሜሪካዊ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ነጭ አይጥ አሳየው። ልጁ አልፈራም። እጁን ሲዘረጋ ግን ከኋላው ብረት በመዶሻ ይመታሉ። ይደነግጣል። ይህን ደጋገሙት። በኋላ ድምፁ ቀርቶ አይጧን ገና ሲያይ ማልቀስ ጀመረ። ጥንቸልም ፈራ፣ የፀጉር ካፖርትም ፈራ።

ይሄን ባሰብኩ ቁጥር ሆዴን ይበላኛል። ልጁ ሙከራው ከተደረገበት ሆስፒታል የወጣው ያ ፍርሃት ሳይወጣለት ነው።

ዋትሰንስ? በዚያው ዓመት በግል ሕይወቱ ምክንያት ከሚያስተምርበት ዩኒቨርሲቲ ተባረረ። ከዚያ ጄ ዋልተር ቶምፕሰን የተባለ ትልቅ የማስታወቂያ ድርጅት ገባ፤ በጥቂት ዓመታትም ምክትል ፕሬዚዳንት ሆነ። ሥነ ልቦናን ወደ ማስታወቂያ ያመጣው እሱ ብቻ አይደለም፤ ዋልተር ዲል ስኮት የተባለ ሌላ የሥነ ልቦና ምሁር ቀደም ብሎ በ1903 መጽሐፍ አሳትሞበታል። ዋትሰን ግን ሸማቹን ለመያዝ ፍርሃትን፣ ቁጣን፣ ፍቅርን ቀስቅሱ ይል ነበር።

ሊስተሪን የተባለውን የአፍ መጉመጥመጫ ተመልከቱ። እሱ የዋትሰን ሥራ አይደለም፣ መንገዱ ግን ያው ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ሲሠራ ለቀዶ ሕክምና ማጽጃ ነበር። በ1920ዎቹ ማስታወቂያዎቹ ሳታገባ የቀረች ቆንጆ ሴት ማሳየት ጀመሩ። ምክንያቱ የአፏ ጠረን ነው። ጨካኙ ነገር ደግሞ፣ የቅርብ ጓደኛ እንኳ አይነግርሽም የሚለው ነው። እስቲ አስቡት። ማንም ካልነገረሽ በምን ታረጋግጫለሽ? የሰዉ ዝምታ ራሱ ማስረጃ ሆነብሽ ማለት ነው። እንዲህ ያለ ፍርሃት ማብቂያ የለውም፤ ጠርሙሱ ሲያልቅ ሌላ ይገዛል።

አንዳንዱ ሰው "እኔን ማስታወቂያ አይሸውደኝም" ይላል። እኔ አላምንም። ፍርሃቱ አንዴ ከገባ የሚሰማን የራሳችን ሆኖ ነው። ማን እንዳስተማረን አናስታውስም። ስለዚህ የገዛውን ሰው ሞኝ ማለት አልችልም።

በጣም የሚያናድደኝ በታዳጊዎች ላይ ሲሆን ነው። የ13 ዓመት ልጅ ስለ ቆዳዋ፣ ስለ ሰውነቷ ቅርጽ ስትጨነቅ መጀመሪያ ስልኳን ነው የማስበው። እንዲህ ያለች ልጅ አጠገባችሁ ካለች ጠይቋት። "ይሄ ነገር ያሳስብሽ የጀመረው መቼ ነው? ምን ስታዪ?" ሳትቆጡ፣ ሳትስቁባት ስሟት።