ኮሎኔል በማስታወቂያ አይቀጠርም፦ የመኮንኖች የሰው ኃይል ዕቅድ እንዴት ይሠራል?

[በምስል፦ ከታች ወደ ላይ የተደረደሩ የማዕረግ ምልክቶች]

የማዕረግ ስሞቻችንን ቀስ ብለን ብንጠራቸው ውስጣቸው ቁጥር እናገኛለን። አሥር አለቃ፣ ሃምሳ አለቃ፣ መቶ አለቃ፤ ሻለቃም ቢሆን «ሺ አለቃ» ከሚለው የመጣ ነው። ስሞቹን ያወጡ ሰዎች ማዕረግ ከሚመራው ሰው ብዛት ተነጥሎ እንደማይቆም ተረድተዋል፤ መቶ ሰው ከሌለ መቶ አለቃ አያስፈልግም፣ ሺ ሰው ከተሰለፈ ደግሞ የሚመራው ሻለቃ ከየትም ብሎ መገኘት አለበት። የመኮንኖች የሰው ኃይል ዕቅድ መነሻው ይኸው ነው፤ ስንት ሰው፣ በየትኛው ማዕረግና ሙያ፣ በየትኛው ዓመት እንደሚያስፈልግ አስቀድሞ ማስላት፣ ከዚያም እያንዳንዱን መኮንን ወደዚያ ቦታ የሚያደርሰውን መንገድ ማዘጋጀት።

የምንመለከተው የአሜሪካን ምድር ጦር ነው፤ ሕጉም፣ ቁጥሩም፣ የተሠሩት ስሕተቶችም በይፋ የሚታወቁ ናቸውና። የምንጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

አንድ ባንክ የቅርንጫፍ ሥራ አስኪያጅ ቢለቅበት ማስታወቂያ አውጥቶ ከሌላ ባንክ ይቀጥራል። ጦር ሠራዊት ይህን ማድረግ አይችልም። ከሐኪሞች፣ ከቄሶችና ከመሳሰሉት ጥቂት ሙያዎች በስተቀር መኮንን ሁሉ የሚገባው ከታች፣ በምክትል መቶ አለቃነት ነው፤ ኮሎኔል ለመሆንም 22 ዓመት ያህል ይፈጅበታል። ስለዚህ ዛሬ የሚመረቁት ምክትል መቶ አለቆች ብዛት ከሁለት ዐሥርት ዓመታት በኋላ የሚኖሩትን ኮሎኔሎች ብዛት ይወስናል። ያን ጊዜ ጦርነት ይኑር ሰላም ግን ዛሬ የሚያውቅ የለም፤ የዕቅዱ ጭንቀትም ያለው እዚህ ላይ ነው።

[በምስል፦ የድዋይት አይዘንሃወር ፎቶግራፍ]

ዕቅድ በሌለበት ምን እንደሚፈጠር የአይዘንሃወር ታሪክ በደንብ ያሳያል። ድዋይት አይዘንሃወር ከ1920 እስከ 1936 ድረስ፣ ለ16 ዓመታት፣ ከሻለቃነት ፈቀቅ አላሉም። ጥፋት ኖሮባቸው አልነበረም። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በአንድ ላይ የገቡ በርካታ መኮንኖች መንገዱን ዘግተውት ነበር፤ ዕድገቱም በአገልግሎት ዘመን ቅደም ተከተል ስለነበር ከፊት ያለው ካልተነሣ የኋላው አይራመድም። እኚያው ሰው ከ1936 በኋላ በ8 ዓመት ውስጥ ባለ አምስት ኮከብ ጄኔራል ሆነው በአውሮፓ የተሰለፈውን የቃል ኪዳን ጦር መርተዋል። እኔ ይህን ታሪክ ባሰብኩ ቁጥር የሚያሳስበኝ ሌላ ነገር ነው፤ በእነዚያ 16 ዓመታት ተስፋ ቆርጠው የለቀቁ፣ ስማቸውን የማናውቀው ስንት ብቁ መኮንኖች ነበሩ?

አሜሪካውያን ከዚህ ተምረው በ1947 ለሁሉም የጦር ክፍሎች «ወይ እደግ፣ ወይ ልቀቅ» የሚለውን ሥርዓት ደነገጉ። በታኅሣሥ 1980 ደግሞ ዛሬም የሥርዓቱ ምሰሶ የሆነውን የመኮንኖች አስተዳደር ሕግ አወጡ። ሕጉ ከሻለቃ ጀምሮ እስከ ኮሎኔል በየማዕረጉ ሊኖሩ የሚችሉትን መኮንኖች ብዛት ይገድባል። ከእርሱ ጋር የተቀመጠው መመሪያ መኮንኖች ሻለቃ የሚሆኑት በ10ኛው ዓመት፣ ሌተና ኮሎኔል በ16ኛው፣ ኮሎኔል በ22ኛው ዓመት አካባቢ እንዲሆን፣ ከተወዳዳሪዎቹም በቅደም ተከተል 80፣ 70 እና 50 ከመቶ ያህሉ እንዲያልፉ ያልማል።

[በምስል፦ 100 ሰዎች፣ ከዚያ 80፣ 56፣ 28]

ስሌቱን አብረን እንሥራው። 100 ሻምበሎች ለሻለቃነት ቀረቡ እንበል። 80ዎቹ ያልፋሉ። ከ80ው 70 ከመቶ፣ ማለትም 56ቱ፣ ሌተና ኮሎኔል ይሆናሉ። ከ56ቱ ግማሹ፣ 28 ሰው፣ ኮሎኔልነት ይደርሳል። ይህም አንድም ሰው በፈቃዱ ካልለቀቀ ነው። ለሻለቃነት ሁለት ጊዜ ቀርቦ ያላለፈ ሻምበል በአብዛኛው ይሰናበታል፤ 18 ዓመት የሞላው ግን 20 ዓመቱን ጨርሶ ጡረታውን እንዲያገኝ ይፈቀድለታል።

ጡረታው ራሱ የዕቅዱ አንድ መሣሪያ ነው። በቀድሞው ሥርዓት 20 ዓመት ያገለገለ መኮንን ከፍተኛ ክፍያ ያገኘባቸው የ3 ዓመታት መነሻ ደመወዝ አማካይ ተሰልቶ ግማሹን በየወሩ ያገኛል፤ በ19ኛው ዓመት የለቀቀው ግን ከዚህ አንዳች አይደርሰውም። በዚህ ምክንያት 12 ወይም 13 ዓመት ያገለገለ ሰው ሥራው ባይስማማውም ጥርሱን ነክሶ ይቆያል፤ 20 ሲሞላው ደግሞ ሠራዊቱ እንዲቆይለት የሚፈልገው ባለሙያ ሳይቀር ገና በ40ዎቹ መጀመሪያ ይወጣል። ከ2018 ጀምሮ ለሚገቡ ሰዎች ድርሻው ወደ 40 ከመቶ ዝቅ ብሎ፣ በለውጡ ቀድሞ የሚለቅ ሰው ይዞት የሚሄደው፣ መንግሥት እስከ 5 ከመቶ የሚያዋጣበት ቁጠባ ታክሎበታል።

የዕቅድ ስሕተት ሒሳቡ የሚመጣው ዘግይቶ ነው። ቀዝቃዛው ጦርነት አብቅቶ በ1990ዎቹ ሠራዊቱ ሲቀነስ አዲስ የሚገቡ ምክትል መቶ አለቆችም ተቀነሱ። በወቅቱ ማንም አልተጎዳም፤ ቁጠባም መሰለ። በኢራቅና በአፍጋኒስታን ጦርነት ወቅት ግን ያኔ ያልገቡት ሰዎች ሻምበልና ሻለቃ መሆን በሚገባቸው ዓመታት ክፍተቱ አፍጦ ወጣ። ወደ ሻለቃነት የሚያልፉት ሰዎች ድርሻ ከታለመው 80 ከመቶ እጅግ ከፍ አለ፤ በ2007ም ሻምበሎች እንዳይለቁ እስከ 35 ሺህ ዶላር ማበረታቻ ቀረበላቸው። ገንዘቡ ያለውን ሰው ሊያቆይ ቢችልም ያልገባውን ሰው ሊፈጥር አልቻለም።

እስካሁን ያወራነው ስለ ብዛት ነው። ማን የት ይመደብ የሚለው ጥያቄ ግን ለእኔ ከዚህ ይከብዳል፤ መኮንኖች በየሁለትና ሦስት ዓመቱ ይዛወራሉ፣ የትዳር ጓደኛ ሥራዋን ወይም ሥራውን ትቶ ይከተላል፣ ልጆች ትምህርት ቤት ይቀይራሉ። ለብዙ ዘመን ምደባውን የሚወስነው በማዕከል የተቀመጠ አንድ የምደባ ኃላፊ ነበር፤ ቋንቋ የሚችለውን፣ ኮምፒውተር የተማረውን፣ የታመመ ልጅ ያለውን ሁሉ በፋይሉ ካልተጻፈ አያውቅም።

[በምስል፦ በአንድ በኩል መኮንኖች፣ በሌላው ክፍሎች፣ በመካከላቸው መስመሮች]

ከ2019 ወዲህ ምድር ጦሩ ሌላ መንገድ ጀምሯል። መኮንኑ ክፍት ቦታዎችን በምርጫው ቅደም ተከተል ያስቀምጣል፣ ክፍሎቹም ቃለ መጠይቅ አድርገው መኮንኖቹን በቅደም ተከተል ያስቀምጣሉ። ማዛመዱ የሚሠራው የሒሳብ ሊቃውንቱ ዴቪድ ጌልና ሎይድ ሻፕሌይ በ1962 ባወጡት ስልት ነው፤ ሻፕሌይ ከአልቪን ሮዝ ጋር በ2012 የኢኮኖሚክስ የኖቤል ሽልማት ተቀብለዋል። አሜሪካ ያሉ ኢትዮጵያውያን ሐኪሞች «ማች» የሚሉት የሆስፒታል ምደባም ዘመዱ ነው። አሠራሩ እንዲህ ነው፤ እያንዳንዱ መኮንን በመጀመሪያ ምርጫው በር ላይ ይቆማል፣ ክፍሉም ከመጡለት መካከል የሚሻለውን ለጊዜው ይይዛል። በኋላ የበለጠ የሚፈልገው ሲመጣ የያዘውን ይለቃል፣ የተለቀቀውም ወደ ቀጣዩ ምርጫው ይሄዳል። ሒደቱ ሲያልቅ፣ ከተመደቡላቸው ይልቅ እርስ በርስ የሚፈላለጉ መኮንንና ክፍል አይኖሩም።

የሻለቃ ጦር አዛዥ ምርጫም ተለውጧል። ቀድሞ ቦርዱ የእያንዳንዱን ሰው ፋይል በጥቂት ደቂቃ አንብቦ ነጥብ ይሰጥ ነበር። በጥር 2020 በተጀመረው አሠራር ግን ተወዳዳሪዎች በኬንታኪ ፎርት ኖክስ ለአምስት ቀን ተሰብስበው በአካል ብቃት፣ በጽሑፍና በሥነ ልቦና ተመዝነዋል፤ የሥራ ባልደረቦቻቸውና በሥራቸው ያገለገሉ ሰዎችም ስለ እነርሱ ተጠይቀዋል። የመጨረሻው ቃለ መጠይቅ የተደረገው በመጋረጃ ተጋርዶ ነው፤ ጠያቂው የተጠያቂውን መልክ፣ ተጠያቂውም የጠያቂውን ማዕረግ እንዳያይ። በጎን ሆኖ ለሚያየው ብዙ ወጪ ይመስላል፤ የመቶዎች ወታደሮች ሕይወት በአደራ የሚሰጠውን ሰው ለመለየት ግን አምስት ቀን አይበዛም።

ሕጉም ላላ ብሏል። በ2018 የወጣው ማሻሻያ አንድ መኮንን ለትምህርት ወይም ለጀመረው ሥራ ሲል ከዕድገት ቦርድ ተራው በፈቃድ እንዲዘገይ ይፈቅዳል፤ ልዩ ሙያ ያላቸው ሲቪሎችም እስከ ኮሎኔል በሚደርስ ማዕረግ በቀጥታ እንዲገቡ በር ከፍቷል። በሰኔ 2025 አራት የቴክኖሎጂ ኩባንያ ሰዎች በተጠባባቂው ጦር ሌተና ኮሎኔል ተብለው ቃለ መሐላ ፈጽመዋል። የእግረኛ ሻለቃ ጦር የሚመራ ሰው ግን በዚህ በር አይገባም። የ2040ዎቹ የሻለቃ ጦር አዛዦች አሁን በምክትል መቶ አለቃነት ተመርቀው፣ አርባ ያህል ወታደሮችን ተረክበው፣ የአንጋፋ አሥር አለቆቻቸውን ምክር እየሰሙ ሥራ የጀመሩት ወጣቶች ናቸው።