ስለ ዐውደ ነገሥት ልናወራ ተነስተን ባሕረ ሐሳብ ውስጥ ገባን

ዳዊት፦ እንደምን ከረማችሁ ወዳጆቻችን! ዛሬ የምናወራው ስለ ዐውደ ነገሥት፣ ከስም ኮከብ እያወጣ ዕጣን ስለሚናገረው መጽሐፍ ነው። አሥራ ሁለቱ ኮከቦች፣ አራቱ ባሕርያት፣ እሳት፣ ነፋስ፣ ውሃ፣ መሬት...

ሰላም፦ ኮከቤን እንዳትጠይቀኝ ብቻ።

ዳዊት፦ የእናትሽን ስም ንገሪኝና አሁኑኑ ላውጣልሽ።

ሰላም፦ አልነግርህም!

ዳዊት፦ እሺ። አሠራሩ እንዲህ ነው። ለስምሽ ፊደላት ቁጥር ይሰጣል፤ የእናትሽ ስም ይደመርበታል፤ ከዚያ በ12 ይገደፋል፤ ማለትም ተካፍሎ ቀሪው ይያዛል። 1 ከተረፈ ሐመል፣ 2 ሠውር፣ 3 ገውዝ...

ሰላም፦ ይቅርታ ላቋርጥህ፤ «ይገደፋል» ስትል አባባ ትዝ አሉኝ። የእናቴ አጎት ናቸው፣ መሪጌታ ነበሩ፣ ነፍሳቸውን ይማርና። ለገና ዘመድ ሲሰበሰብ አንዱ «አባባ፣ ዘንድሮ ፋሲካ መቼ ነው?» ይላቸዋል። የቡና ሲኒያቸውን እንደያዙ ዓይናቸውን ይጨፍኑና ትንሽ አጉተምትመው ቀኑን ይናገራሉ። ልጅ ሆኜ ከሰማይ የሚነገራቸው ነበር የሚመስለኝ።

ዳዊት፦ ዐውደ ነገሥት ያዩ ነበራ?

ሰላም፦ ኧረ በስመ አብ! እሱማ ደጃቸውንም አይረግጥም። «ቤተ ክርስቲያን የማትቀበለውን ቤቴ አላስገባም» ነበር የሚሉት። እሳቸው የሚያሰሉት ባሕረ ሐሳብን፣ የቤተ ክርስቲያንን የበዓላትና የአጽዋማት ቀን ማውጫ ሒሳብ ነው። በትውፊታችን ለእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ ተገለጠ የሚባለው። እስቲ የ2018ን አብረን እናውጣ። 5500 ላይ 2018 ደምር።

ዳዊት፦ ርእሳችንስ?

ሰላም፦ እንመለስበታለን። ደምር!

ዳዊት፦ 7518።

ሰላም፦ ዓመተ ዓለም እሱ ነው፤ ከፍጥረት ጀምሮ የተቆጠረው። በ19 ግደፈው።

ዳዊት፦ ቆይ... 13 ተረፈ።

ሰላም፦ አንዱን ለዘመኑ ቀንስ። 12፤ ወንበር ይባላል። በ11 አባዛና በ30 ግደፍ።

ዳዊት፦ 132... 12 ቀረ።

ሰላም፦ አበቅቴ! አሁን ያንኑ ወንበር በ19 አባዛ፤ እሱንም በ30 ግደፈው።

ዳዊት፦ 228... 18።

ሰላም፦ መጥቅዕ። ሁለቱን ደምራቸው።

ዳዊት፦ 30።

ሰላም፦ ሁልጊዜ 30 ነው! 30 ካልመጣልህ የሆነ ቦታ ተሳስተሃል። ሒሳቡ ራሱን ይመረምራል፣ ዳዊት! 11 ደግሞ ዝም ብሎ የመጣ እንዳይመስልህ። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ነው፣ የጨረቃ 354። ጨረቃ በየዓመቱ 11 ቀን ቀድማ ትጨርሳለች፤ በ19 ዓመት እንደገና ይገናኛሉ።

ዳዊት፦ እና ፋሲካው?

ሰላም፦ መጥቅዑ ከ14 ስለበለጠ ቆጠራው ከመስከረም ይነሳል። መስከረም 18 እሑድ ነበር፤ የእሑድ ተውሳክ፣ ማለትም የሚደመርለት ቁጥር፣ 7 ነው። 18 ላይ 7፣ 25። መባጃ ሐመር እሱ ነው፤ ጾመ ነነዌ ጥር 25 ትገባለች። የትንሣኤ ተውሳክ 9። 25 ላይ 9 ስትጨምር 34፤ 30ውን ግደፈው፣ ከመጋቢት አልፎ ሚያዝያ 4!

ዳዊት፦ ልክ ነው! ካላንደሩ ላይም ሚያዝያ 4 ነው።

ሰላም፦ ካላንደሩ ነው ከዚህ የተቀዳው እንጂ! ደግሞ ጥልቀቱን እይልኝ። ቀኑን ለ60 ኬክሮስ ይከፍሉታል፤ አንዱ ኬክሮስ 24 ደቂቃ ነው። ኬክሮስ ለ60 ካልዒት ይከፈላል፣ እንዲህ እያለ እስከ ሳድሲት ይወርዳል። ዓመቱ 365 ቀን ከ15 ኬክሮስ ከ6 ካልዒት ነው። 15ቱ ኬክሮስ በአራት ዓመት ጳጉሜን 6 ያደርጓታል። 6ቱ ካልዒት ግን ተጠራቅመው በ600 ዓመት ነው አንድ ቀን የሚሞሉት፤ ያኔ ጳጉሜን 7 ትሆናለች። በዛሬ ሰዓት ስታየው እኮ በዓመት ሁለት ደቂቃ ከ24 ሴኮንድ ነው! ይቺን እንዳትጠፋ ብሎ የያዘ ሰው ጊዜን ምን ያህል ቢያከብር ነው?

ዳዊት፦ ይሄ ይገርማል፣ እውነት። ግን ዐውደ ነገሥትም የሚሠራው በመግደፍ ነው። ሐመል፣ ሰንቡላ፣ አቅራብ የዐረብኛ ስም ናቸው። የባሕረ ሐሳቡ ሊቃውንት የሚመሩበት አቡሻኸር የተባለው መጽሐፍም በ13ኛው ክፍለ ዘመን ግብፅ ውስጥ በዐረብኛ ተጽፎ ነው ወደ ግእዝ የተመለሰው። መንገዳቸው አንድ ነው።

ሰላም፦ መንገዱ አንድ ይሁን። ባሕረ ሐሳብን ግን ማንም ይመርምረው፤ ከተሳሳትክ ሰማይ ላይ ያለችው ጨረቃ ታጋልጥሃለች። ኮከብህን ማን ይመረምረዋል? ስማቸውም የእናታቸውም ስም አንድ የሆነ ሁለት ሰዎች ዕጣቸው አንድ ነው?

ዳዊት፦ አይደለም። ግን ሰው እዚያ የሚሄደው ለምርመራ አይደለም። ትዳር ሊይዝ ፈርቶ፣ ልጁ ታሞበት ነው። ቀኑ ባዶ አይደለም፣ ሰዓቱም የራሱ ጠባይ አለው የሚለውን ስሜት ባሕረ ሐሳብም አይክደውም።

ሰላም፦ እሱን እቀበልሃለሁ። ግን «ኮከባችን አይገጥምም» ተብሎ የፈረሰ ስንት እጮኝነት አለ? እሱ ያናድደኛል። እንደ ታሪክ፣ አያቶቻችን ሰማይን እንዴት ያነቡት እንደነበር ለማወቅ ከሆነ ይነበብ፤ ደስ ይለኛል። ሰው ይወሰንበት ከተባለ ግን አልስማማም።

ዳዊት፦ እኔ ደግሞ መጽናኛነቱን ቀላል አላደርገውም። አልጨረስነውም ይሄን።

ሰላም፦ አልጨረስነውም። አድማጮቻችን እስከዚያ የ2019ን ፋሲካ አስልታችሁ ላኩልን። መጥቅዑ 7 ነው የሚመጣላችሁ፤ ከ14 ስላነሰ ከጥቅምት ትነሳላችሁ።

ዳዊት፦ ጥቅምት 7 ቅዳሜ ነው አይደል?

ሰላም፦ ቅዳሜ። ተውሳኩ 8። በቃ፣ ሌላ አልነግርም፤ የቀረውን ራሳቸው ያውጡት።