ሁለቱ ባዶ ወንበሮች፦ የዓመታዊ ጉባኤ የመክፈቻ ንግግር

ክቡራን እንግዶች፣ ውድ የዝሆኔ ታማሚዎች ማኅበራችን አባላት፣ እናቶቼና አባቶቼ፣ እንኳን ደህና መጣችሁ። አዳራሹን የፈቀዱልንን እግዜር ይስጥልን።

የዓመቱን ሥራ ባጭሩ ልበል። ለእግራችን መታጠቢያና መንከባከቢያ የሚሆነው ሳሙናው፣ በረኪናውና ቫዝሊኑ አልተቋረጠም። ጫማ ሰፊዎቻችን ላበጠ እግር የሚሆን ጫማ እየሰፉ ነው። አዳዲስ አባላትም ገብተዋል። ሌላው ሪፖርቱ ላይ አለ።

ዓመቱን ሙሉ እንቅልፍ የነሳኝ ግን የጥናቱ ጉዳይ ነው።

የእኛ ዝሆኔ በባዶ እግር ቀይ አፈር ከመርገጥ እንደሚመጣ ሁላችን እናውቃለን። ግን አንድ ማሳ ላይ አብረው አርሰው አንዱ ይታመማል፣ ሌላው ይተርፋል። ለምን? እዚሁ ወላይታ ከ194 ታማሚዎችና ከ203 ጤነኞች ናሙና ተወስዶ፣ እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣው ጥናት በሽታው ሰውነት ራሱን ከሚከላከልባቸው፣ ከወላጅ ከሚወረሱ ጂኖች ጋር እንደሚያያዝ አሳየ። ይህን ዓለም ያወቀው በእኛ ሰዎች ነው። ኩራቴ ነው! ያኔም ተመራማሪዎቹ ፈቃድ እንዴት እንደሚጠየቅ አስቀድመው ሰዉን አማክረው ነበር። ሰዉም ፍርሃቱን ነገራቸው፦ በዘር ነው ከተባለ መገለሉ ይብስብናል አለ።

ዘንድሮም ያው ፍርሃት መጣ። የአዲሱ ጥናት የፈቃድ ቅጽ ላይ «በዘር የሚተላለፍ» የሚል ነበር። አንዲት እናታችን ፋሻ የታሰረ እግራቸውን አግዳሚው ላይ እንደዘረጉ፣ «ልጄ ለትዳር ደርሳለች። ይቺ ቃል ገበያ ከገባች ሽማግሌ የሚልክብኝ የለም» አሉ። ክፍሉ ጸጥ አለ። ተመራማሪዋ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። ከዚያ አብረን አዲስ ቃል ፈለግን፦ «ሁሉም አፈሩን ይረግጣል፤ የአንዳንዱ ሰው ሰውነት ግን አፈሩን አይችለውም፤ ጫማ ያደረገ ይተርፋል።» ቅጹ ተቀየረ። ይህን ፊደል ያልቆጠሩ እናት አደረጉት።

ታዲያ በጥናቱ ኮሚቴ ለእኛ ለታማሚዎች ከተሰጡን አምስት ወንበሮች ሁለቱ ዓመቱን ሙሉ ለምን ባዶ ዋሉ? የአበል ነገር ነው ያላችሁኝ አላችሁ። እውነት ነው፤ የቀን ገቢን ጥሎ መምጣት ይከብዳል። አበሉም ዘግይቷል። ለተመራማሪዎቹ ፊት ለፊት ነግሬያለሁ፦ የእኛ ቀን እንደ ላቦራቶሪው ዕቃ በበጀት ይያዝ።

ግን ሁሉም በአበል አይሳበብ። ተምራችሁ ሥራ የያዛችሁ፣ እግራችሁን በሱሪ የምትሸፍኑ ወንድሞቼ፣ ዛሬም አልመጣችሁም። አጠገባቸው ያላችሁ ንገሩልኝ። አልፈርድባቸውም። እኔም ስንት ዓመት ቤተ ክርስቲያን በር ላይ ቆሜ ተመልሻለሁ። ግን የእኛን ቃል ሌላ ሰው ከጻፈው በኋላ ብንቆጣ ምን ይፈይዳል?

ናሙናው የት እንደሚቀመጥ፣ ማን እንደሚነካው፣ ውጤቱን መጥቶ የሚነግረን ማን እንደሆነ ገና አልተወሰነም። የሚቀጥለው ስብሰባ ያንን ይወስናል። በገበያ ቀን እንዳይሆን ለምኜ ሐሙስ ተደርጎልናል። መዝገቡ በሩ አጠገብ ነው፤ ጸሐፊያችን ከምሳ በፊት ሁለት ስም ይጠብቃሉ።