ከግማሽ ያለፈ ቅስት፦ በጅማ ለሶፍትዌር ተማሪዎች የቀረበ ንግግር

የተከበራችሁ መምህራን፣ ውድ ተማሪዎች፣

እዚህ ጅማ ተቀምጦ ለቡና ሰብሳቢዎች መተግበሪያ የሚሠራ ሰው፣ የዕለቱ የእሸት ቡና ርክክብ ከዕቅዱ ስንት በመቶ እንደደረሰ የሚያሳይ ቀለበት ገጹ ላይ ማስቀመጡ አይቀርም። ቀለበቱ እስከ 50 በመቶ በሥርዓት ያድጋል። ከዚያ በኋላ ግን ርክክቡ እየጨመረ ቅስቱ (የተሣለው የክብ ቁራጭ) እያጠረ ይሄድና 75 ላይ ሲደርስ ሆዱን ወደ ቀለበቱ መሃል የሰጠ አጭር ቁራጭ ሆኖ ይገኛል። ዛሬ የምናገረው ስለዚህ ብልሽት ምክንያት ነው።

በትምህርት ቤት ክብን የተማርነው በኮምፓስ ነው፤ ማዕከሉ ይታወቃል፣ ሬዲየሱ ይለካል። የኤስቪጂ (SVG፣ በድረ ገጽ ላይ ሥዕልን በነጥብና በመስመር የሚገልጽ ቋንቋ) የፓዝ (path፣ የመስመር መሣያ) ትእዛዝ ግን ማዕከልን ከናካቴው አይጠይቅም። ብዕሩ አሁን ካለበት ነጥብ ተነሥቶ የት እንደሚያርፍና ሬዲየሱ ስንት እንደሆነ ብቻ ይነገረዋል። ችግሩ በሁለት ነጥቦች ላይ የሚያልፉ፣ ሬዲየሳቸው እኩል የሆነ ሁለት ክቦች መኖራቸው ነው። ነጥቦቹ እያንዳንዱን ክብ ለሁለት ስለሚከፍሉት አራት ቅስቶች ለምርጫ ይቀርባሉ። ምርጫው በሁለት ፍላጎች (flags፣ የምርጫ ምልክቶች) ይወሰናል፤ አንዱ ትልቁን ወይስ ትንሹን ቅስት ይለያል፣ ሌላው ሰዓት በሚዞርበት አቅጣጫ ወይስ በተቃራኒው የሚለውን ይለያል። ሁለቱም 0 ወይም 1 ናቸው።

በቁጥር እንየው። ማዕከላችን 50፣50፣ ሬዲየሳችን 40 ይሁን፤ ከአናቱ ማለትም ከ50፣10 እንነሣ (በስክሪን ላይ ሁለተኛው ቁጥር የሚጨምረው ወደ ታች ነው)። 75 በመቶ በግራ በኩል 10፣50 ላይ ያበቃል። ሁለቱም ፍላጎች 1 ከሆኑ የምንፈልገው ሦስት አራተኛ ቀለበት ይወጣል። የትልቅ ቅስቱን ፍላግ 0 ላይ ከተውነው ግን ማዕከሉ ሳንነካው ወደ 10፣10 ይሸሻል፤ ያ የተገለበጠው ቁራጭ ይህ ነው። መፍትሔው አንድ መስመር ነው፦ ማዕዘኑ ከ180 ዲግሪ ካለፈ ፍላጉን 1 ማድረግ። የማይክሮሶፍቱ ዛምልም (XAML፣ የመተግበሪያ ገጽ መግለጫ ቋንቋ) በዚሁ ስሌት ይሄዳል፤ እዚያ አቅጣጫው ካልተገለጸ ሰዓት ከሚዞርበት በተቃራኒ እንደሚወሰድ አትርሱ።

100 በመቶ ላይ ደግሞ ሌላ ጉድ አለ። መነሻና መድረሻ አንድ ነጥብ ሲሆኑ ኤስቪጂ ቅስቱን ጭራሽ ስለማይስለው ዕቅዱ በሞላበት ሰዓት ቀለበቱ ይጠፋል፤ ሙሉ ክብ ያማረው ሁለት ግማሽ ቅስቶችን ይቀጥል። ነጥቦቹን ለማገናኘት የማይበቃ ሬዲየስ ከሰጣችሁ ደግሞ ስሕተት ብሎ አይጮኽም፤ እስኪበቃ ድረስ በዝምታ ያሳድገዋል። እኔ ዝምታውን አልወደውም፤ የተሳሳተ ቁጥር ይደብቃልና።

ለእድገት ማሳያ ቀለበት ብቻ ከሆነ በእኔ ፍርድ ፓዝ አያስፈልግም። ተራ ክብ ስላችሁ ዙሪያው 100 እንደሆነ በፓዝሌንግዝ (pathLength፣ የመስመሩን ርዝመት በምንፈልገው ቁጥር የምናውጅበት ቅንብር) ካወጃችሁ በኋላ፣ በተቆራረጠ መስመር ቅንብሩ (stroke-dasharray) 75 ሣሉ፣ 100 ዝለሉ ማለት ይበቃል። መስመሩ ከቀኝ ጎን ስለሚጀምር በ90 ዲግሪ ወደ ኋላ አዙሩት።

ቅስቱ ራሱ ግድ የሚሆነው ቁርጥራጮቹ ለየብቻ ሲጫኑ ወይም ሲቀልሙ ነው፤ የእኛ ዓመት ጥሩ ምሳሌ ነው። ዓመቱን በ13 ቅስቶች ብትከፍሉት ባለ 30 ቀኑ ወር 29.6 ዲግሪ ያህል ሲያገኝ፣ የ5 ቀኗ ጳጉሜን 5 ዲግሪ እንኳ አይሞላላትም። ሬዲየሱ 40 በሆነ ቀለበት ላይ ርዝመቷ 3.4 ገደማ ነው። የመስመሩ ውፍረት 8 ሆኖ ጫፉ ክብ ከተደረገ በየጎኗ 4 ይጨመርባትና ነሐሴንና መስከረምን ትሸፍናለች፤ እዚህ ላይ ጫፉ ቀጥ ብሎ የተቆረጠ መሆን አለበት።

አመሰግናለሁ።