ቪዘን ላይ ባቡር ያስቆምኩ ዕለት
የዓመታዊ ጉባኤያችን የመክፈቻ ንግግር

የተከበራችሁ የማኅበራችን አባላት፣ ከሩቅ የመጣችሁ እንግዶቻችን፣ እዚያ ጥግ ላይ ቆሎውን ከወዲሁ የጀመራችሁ ልጆች፣ እንደምን አደራችሁ? እንኳን ደህና መጣችሁ።

በመጀመሪያ ይቅርታ ልጠይቅ። ጥሪው ላይ «በ10 ሰዓት» ብዬ ጽፌ በማን አቆጣጠር እንደሆነ ሳልጠቅስ ቀረሁ። ከትናንት ማታ ጀምሮ ስልኬ አላረፈም። «እትዬ፣ አስር ሰዓት በኛ ነው በፈረንጅ?» በኛ ቢሆንማ አሁን ገና ከቤታችሁ አልወጣችሁም ነበር። ስንት ዓመት እዚህ ስዊዘርላንድ ኖረንም ሰዓት በተነገረን ቁጥር በሆዳችን ስድስት እንቀንሳለን። ለማንኛውም ሁላችሁም ደርሳችኋል። ሁለቱ ብቻ ገና ናቸው። ማን እንደሆኑ ታውቋቸዋላችሁ፣ በመኪና ነው የሚመጡት።

«ዙሪክ አዳራሽ ጠፍቶ ነው ወይ ፊሊዙር የምትባል የተራራ መንደር ድረስ ያመጣሽን?» ያላችሁኝ አላችሁ። አልጠፋም። የትኬቱ ዋጋ ያማረራችሁም አላችሁ፣ በተለይ ሃልብታክስ፣ ማለት በግማሽ ዋጋ የሚያሳፍረው ካርድ፣ የሌላችሁ። ቅሬታውን ተቀብያለሁ። ግን ያመጣኋችሁ ለአዳራሹ ብዬ አይደለም። ከዚህ በባቡር አንድ ፌርማታ ላይ ያለች ጣቢያ ላሳያችሁ ነው። ቪዘን ትባላለች። አሁን ሰሌዳው ላይ «ዳቮስ ቪዘን» ተብላለች፣ ምክንያቱም መንደሯ እ.ኤ.አ. በ2009 ከዳቮስ ጋር ተዋሕዳለች። ዛሬ የምጠራው ዓመት ሁሉ በፈረንጅ ነው፣ ደግሞ በዚህ እንዳትደውሉልኝ። ለእኔ ግን ያው ቪዘን ናት።

ዛሬ ጠዋት ኩር ከተማ ላይ ከትልቁ ባቡር ወርዳችሁ ቀዩን ባቡር ስትሳፈሩ ልብ ያላችሁት ነገር አለ? ሐዲዱ ጠበበ። የአገሪቱ ዋና ባቡር የሚሄድበት ሐዲድ ስፋቱ 1 ሜትር ከ43 ተኩል ሳንቲም ነው። ቀዩ ባቡር፣ ማለት ሬቲሼ ባን፣ የሚሄደው ግን ልክ አንድ ሜትር በሆነ ሐዲድ ላይ ነው። መስመሩ በድምሩ 384 ኪሎ ሜትር ይሆናል፣ ሁሉም በዚችው አንድ ሜትር። ጠባብ ያደረጉት ወደው አይደለም። ጠባብ ሐዲድ በጠባቡ ይጠመዘዛል። ተራራን ከመብሳት ተራራን አቅፎ መሄድ ይቀላል፣ ገንዘቡም ያንሳል። ነገሩን የጀመረው ዳቮስ የተቀመጠ ቪለም ያን ሆልስቡር የሚባል ሆላንዳዊ ነው። የመጀመሪያው ባቡር ከላንድኳርት ክሎስተርስ የገባው በ1889 ነው፣ ዳቮስ ደግሞ በ1890።

ይህችን አንድ ሜትር እኔ ከዚህ ከመምጣቴ በፊት አውቃታለሁ። ድሬዳዋ ከዚራ ነው ያደግኩት። አባቴ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበር። ልጆች ሆነን ከአንዱ ሐዲድ ወደ ሌላው በአንድ እርምጃ የተሻገረ «አደገ» ይባል ነበር። እኔ ስሻገር ስምንት ዓመቴ ነበር፣ ቀሚሴ ተቀዶ እናቴ ገርፋኛለች። የድሮው የጂቡቲ ሐዲድም ስፋቱ አንድ ሜትር ነበር። የባቡሩን ፈቃድ በ1894 ከዐፄ ምኒልክ የተቀበለው ደግሞ የዚሁ አገር ሰው ነው፣ የፍራውንፌልዱ መሐንዲስ አልፍሬድ ኢልግ። ዙሪክ ተምሮ፣ ምኒልክ ገና የሸዋ ንጉሥ ሳሉ ነው አገራችን የገባው። አንድ ነገር ልንገራችሁ፣ እዚህ መንደር ላለ ሰው ስነግረው አያምነኝም። ድሬዳዋ ባቡር የገባው በ1902 መጨረሻ ነው። ፊሊዙር ባቡር ያየችው በ1903 ሐምሌ። እኛ በስድስት ወር እንበልጣቸዋለን! አዲስ አበባ ለገሃር ለመድረስ ግን እስከ 1917 ፈጅቷል፣ እሱን አልነግራቸውም።

ወደ ቪዘን ልመለስ።

ያኔ ዳቮስ አንድ ሆቴል ውስጥ አልጋ አነጥፍ ነበር። የመጀመሪያው የበረዶ ወራቴ ነው። ቋንቋውን አላውቅም፣ «ዳንከ» እና «ኤንትሹልዲጉንግ»፣ ማለት «አመሰግናለሁ» እና «ይቅርታ»፣ ብቻ ነው ያለኝ። አንድ እሑድ ቱሲስ ያለች ጓደኛዬ ጋ ቡና ልጠጣ ተነሣሁ። ከዳቮስ ፕላትዝ ተሳፍሬ፣ ፊሊዙር ላይ ልቀይር። በሩ አጠገብ ተቀመጥኩ። ፍራውንኪርሽ አለፈ፣ ግላሪስ አለፈ፣ ሞንሽታይን አለፈ። ከዚያ ባቡሩ በገደል መሃል ባለ ጠባብ ሸለቆ ውስጥ ገባ። ዋሻ፣ ወንዝ፣ ዋሻ። የውስጡ ማሞቂያ ይፋጃል፣ እኔ ደግሞ ሁለት ሹራብ ደርቤ ካፖርት ለብሻለሁ። ላቤ ጠብ ሲል ትንሽ አየር ላግኝ ብዬ ተነሣሁ። በሩ አጠገብ አንዲት ቁልፍ አለች። የመተላለፊያውን በር የምትከፍት መስላኝ ተጫንኳት።

ቲንግ አለ። ከላይ የሆነ ጽሑፍ በራ። በሩ አልተከፈተም። ባቡሩ ግን ፍጥነቱን እየቀነሰ ሄዶ ሄዶ ቆመ። የት? ጫካ መሃል። ወደ ውጪ ባይ አንድ የጣቢያ ቤት፣ በረዶ፣ ጥድ፣ አለቀ። ያሳፈረኝ ደግሞ እኔ ካለሁበት ፉርጎ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ቀና ብሎ ማየቱ ነው። ሊወርድ የተነሣ የለም። ቆማ ያለችው እኔ ብቻ ነኝ።

ሌላ ሰው ቢሆን ምን ያደርጋል? «ይቅርታ፣ በስሕተት ነው» ብሎ ይቀመጣል። እኔ ግን የእናቴ ልጅ ነኝ፣ ይሉኝታ ያዘኝ። ይህን ሁሉ ሕዝብ አስቁሜ እንዴት እቀመጣለሁ? ቦርሳዬን አንሥቼ፣ ልክ ቤቴ እዚያ እንደሆነ ሰው ኮስተር ብዬ ወረድኩ። ባቡሩ ሄደ። በሕይወቴ እንደዚያ ያለ ጸጥታ ሰምቼ አላውቅም። ከታች የላንድቫሰር ወንዝ ድምፅ ብቻ ይመጣል።

መንደሩን ፈለግኩ፣ የለም። ኋላ ነው የገባኝ። ቪዘን መንደሩ ያለው ከላይ ነው፣ ከጣቢያው ከ200 ሜትር በላይ ሽቅብ። ጣቢያው 1197 ሜትር ከፍታ ላይ ነው። ባቡር እንደ ፍየል ተራራ አይወጣም። በዚህ መስመር በየ1000 ሜትሩ 35 ሜትር ነው መውጣት የሚችለው። ስለዚህ ሐዲዱ መንደሩን ሊያገኝ አልቻለም፣ መንደሩ ነው ወደ ሐዲዱ የሚወርደው። ከ1909 ጀምሮ እንዲሁ ነው።

ግድግዳው ላይ ቢጫ ወረቀት ተለጥፏል። የባቡር ሰዓት ነው። ቁጥሩን ማንበብ እችላለሁ። የሚቀጥለው ከአንድ ሰዓት በኋላ። እሺ አልኩ፣ ምን ምርጫ አለኝ። እንዲህ ሆኜ እግሬን ስወቅጥ አንዲት ባልቴት በጫካው መንገድ ዱላ ይዘው ወረዱ። «ግሩኤዚ» አሉኝ። ከላይ እስከ ታች አዩኝ። ምን እንዳሰቡ እንጃ። ብቻ በእጃቸው ምልክት ሰጥተው ጥቂት ደቂቃ አስከትለውኝ ሄዱ። ድልድዩን አሳዩኝ።

ከሰዓት በኋላ በእግራችሁ ስለምትሻገሩት ብዙ አላወራም። ርዝመቱ 210 ሜትር ነው፣ ከወንዙ ከፍታው 88 ሜትር። የመሃሉ ቅስት ብቻ 55 ሜትር ይሆናል። ከ1906 እስከ 1909 ነው የተሠራው፣ መሐንዲሱ ሀንስ ሽቱደር ይባላል። ከሐዲዱ ጎን ለእግረኛ የተሠራ መተላለፊያ አለ። ባቡር ሲያልፍ ከሥራችሁ ሲንቀጠቀጥ ይሰማችኋል። ከፍታ የምትፈሩ መሃል መሃሉን እዩ፣ ታች አትዩ። ጎብኚው ሁሉ ካሜራውን ይዞ የሚሮጠው ወደ ላንድቫሰር ድልድይ ነው፣ ፖስት ካርድ ላይ ያለው እሱ ነዋ። እሱ 65 ሜትር ነው ከፍታው፣ ርዝመቱ 136። ዩኔስኮም በ2008 የመዘገበው ከቱሲስ እስከ ቲራኖ ያለውን ነው፣ የቪዘኑን አልጨመረውም። ትልቁ ወንድም ጫካ ውስጥ ቀረ። እኔ በበኩሌ ቅር ብሎኛል።

ተመልሰን ጣቢያው ስንደርስ ባልቴቷ ቀጥ ብለው ሄደው አንዲት ቁልፍ ተጫኑ። መድረኩ ላይ ያለች ናት፣ እኔ አላየኋትም ነበር። በጣታቸው ወደ ሐዲዱ፣ ከዚያ ወደ ቁልፏ እያመለከቱ ቀስ አድርገው አስረዱኝ። ጀርመንኛው ባይገባኝም ነገሩ ገባኝ። ካልተጫንሽ አይቆምም፣ መጥቶ ያልፍሻል ነው። ለካ ቪዘን ላይ ባቡሩ የሚቆመው ሲጠየቅ ብቻ ነው፣ የሚወርድ ውስጥ ያለችውን ቁልፍ ይጫናል፣ የሚሳፈር መድረኩ ላይ ያለችውን። ብቻዬን ብሆን ኖሮ ቆሜ እጄን እያወዛወዝኩ ሦስት አራት ባቡር ያመልጠኝ ነበር ማለት ነው።

ይህን ታሪክ ስናወራ ሁልጊዜ በይሉኝታዬ ነው የምትስቁት። ሳቁ፣ ግድ የለም። እኔን ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ የሚያስደንቀኝ ሌላ ነው። በዚያ እሑድ ቪዘን ላይ ከእኔና ከባልቴቷ ሌላ ሰው አልነበረም። እኔም በስሕተት ነው። የጣቢያ ኃላፊ የለም፣ ዛሬ መብራቱም መቀያየሪያውም ላንድኳርት ካለ ክፍል ነው የሚታዘዘው። ይህን እያወቁ ግን ባቡሩ በየሰዓቱ ይመጣል። ሰው ኖረም አልኖረም ይመጣል። ይህ አገር በ1982 ባቡሮቹን በሙሉ በቋሚ ሰዓት አደረገ፣ በየሰዓቱ በዚያችው ደቂቃ። ከዚያ ወዲህ ሰዉ የሰዓት ሰሌዳ መያዙን ተወ። የደቂቃዋን ቁጥር ካወቅህ የሙሉ ቀኑን አወቅህ።

ፊሊዙር በ2022 ጥቅምት ወር ርዝመቱ 1910 ሜትር የሆነ፣ መቶ ፉርጎ የተቀጠለ የመንገደኛ ባቡር አልፎባታል። የዓለም ክብረ ወሰን ነው፣ ቴሌቪዥን አይታችሁታል። ደስ ይላል። ግን እሱ የአንድ ቀን ነው። ማኅበራችን እስካሁን የሚመስለው እሱን ነው። በዓመት አንዴ ትልቅ ድግስ፣ ሦስት በግ፣ ፎቶ። ከዚያ ዝም። ባለፈው ዓመት መሃል ላይ ለመገናኘት ሦስት ጊዜ ሞከርን። እኔ ራሴ ነኝ የደወልኩት። «ሰው ስንት ይመጣል?» ትሉኛላችሁ። «ሰው ከመጣ እመጣለሁ።» ሁላችንም ሰው እስኪመጣ ጠበቅን፣ ሦስቱም ተሰረዘ።

ይህን ደግሞ ከስዊዞች ልንማር አይገባም ነበር። እናቶቻችን ያውቁታል። የእናቴ የሚካኤል ጽዋ ማኅበር በየወሩ በ12 ነበር። ስልክ የሚደውል የለም፣ «ትመጫለሽ ወይ» የሚል የለም። በ12 ባለተራዋ ቤት ጠላው ተጠምቆ ዳቦው ተደፍቷል። አሥራ ሁለት ሰው ቢመጣም አራት ቢመጣም ጸሎቱ ይደርሳል፣ የቀጣዩ ወር ባለተራ ጽዋውን ተረክባ ትሄዳለች። የታመመች፣ የወለደች፣ ያዘነች ቤቷ ትቀራለች፣ በሚቀጥለው ወር ግን የት እንደሚገኙ ታውቃለች። እኔ ይህን የድሬ ነገር ነው ብዬ ትቼው መጥቼ፣ ቪዘን ጣቢያ ግድግዳ ላይ በቢጫ ወረቀት ተለጥፎ አገኘሁት።

ስለዚህ ዛሬ ሥራ አመራሩ የሚያቀርበው አንድ ሐሳብ ብቻ ነው። በየሁለት ወሩ የመጀመሪያው ቅዳሜ። ቀኑን በታቦት ስም ያላደረግነው ማኅበሩ የክርስቲያኑም የሙስሊሙም ስለሆነ ነው። ረመዳን ላይ ሲውል ሰዓቱ ወደ ማፍጠሪያ ይገፋል፣ ቀኑ ግን አይነካም። ባለተራ ቤት አስቀድሞ ይታወቃል። ደውሎ መጠየቅ የለም። አራት ሰው ከመጣ አራቱ ቡናቸውን ይጠጣሉ፣ ቃለ ጉባኤው ላይም «አራት ሰው» ተብሎ ይጻፋል። አያሳፍርም። የመጀመሪያው ተራ የእኔ ነው፣ ክርክር የለውም። ሁለተኛውን የሚወስድ እጁን ያውጣ፣ ከምሳ በፊት ስሙን እንጽፋለን።

የሒሳብ ሪፖርቱን ገንዘብ ያዣችን ያቀርባሉ። አጭር ነው፣ ገንዘቡም አጭር ስለሆነ። መዋጮ ያልከፈላችሁ ሪፖርቱ ሲነበብ ወደ ውጪ እንዳትወጡ፣ በሩ ላይ ሰው አቁሜያለሁ።

ከምሳ በኋላ ሁላችንም አብረን እንሳፈራለን። ልጆች በጥንድ በጥንድ ተያያዙ፣ ጫማችሁ የሚያዳልጥ ከሆነ አሁኑኑ ንገሩኝ። ቪዘን እንወርዳለን፣ ድልድዩን በእግራችን ተሻግረን በጫካው ወደዚህ እንመለሳለን። አንድ ማሳሰቢያ ብቻ። ባቡሩ ውስጥ በሩ አጠገብ ያለችውን ቁልፍ ማንም እንዳይነካት። እኔ ነኝ የምጫናት። ዛሬ ሆነ ብዬ ነው።

በሉ፣ ጉባኤው ተከፍቷል።